አልፎንስ በርቲዮን፤ ሰውን በክንድና በስንዝር የለካው መርማሪ

ሰው ስሙን ቢደብቅ በምን ይታወቃል? ጥያቄው ለጊዜው ቀላል ይመስላል። ነገር ግን በአገራችን ሰው የሚጠራው በራሱና በአባቱ ስም ስለ ሆነ፣ አንድ ሰው በአሶሳ ገበያ መካከል ቆሞ መሐመድ አሕመድ ብሎ ቢጣራ ስንቱ ዘወር እንደሚልለት እዚህ የምንማር ሁላችንም እናውቃለን። ዘወር ካሉት መካከል የሚፈለገው የትኛው እንደ ሆነ ለመለየት የሚያውቀው ሰው ያስፈልጋል። የሚያውቀው ሰው ባይገኝስ? ወይም ተፈላጊው ራሱ ሌላ ስም ቢናገርስ? በዛሬው ጽሑፋችን የዚህን ጥያቄ መልስ ሲፈልግ የኖረውን፣ መልሱንም አግኝቶ በዓለም የታወቀውን፣ ከእሱ የተሻለ መልስ በመጣ ጊዜ ግን መቀበል የከበደውን የአንድ ፈረንሳዊ ታሪክ ለወንድሞቻችንና ለእኅቶቻችን እናቀርባለን። ይህ ሰው አልፎንስ በርቲዮን ይባላል። የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ወደ ሰውዬው ታሪክ ከመግባታችን በፊት የቤታችንን ነገር አስቀድመን ብናነሣ መልካም ነው። በቀድሞ ዘመን በአገራችን ንብረቱ የተሰረቀበት ሰው ሌባ ሻይ ያስጠራ ነበር። የሌባ ሻዩ አለቃ ለአንድ ልጅ መድኃኒት አጠጥቶና ትምባሆ አስጭሶ፣ ወገቡን በገመድ አስሮ ይለቀዋል፤ ልጁም ራሱን ስቶ እየተንገዳገደ ሄዶ የወደቀበት ቤት ባለቤት ሌባ ተብሎ ዕዳውን ይከፍላል። ሁለተኛው መንገድ አውጫጭኝ ወይም አፈርሳታ የሚባለው ነው፤ የአካባቢው ሰው ሁሉ ባንድ ቦታ ተሰብስቦ ወንጀለኛው እስኪታወቅ ድረስ ወደ ቤቱ እንዳይሄድ ይደረጋል። አውጫጭኝ ጎረቤት ስለ ጎረቤቱ በሚያውቀው ነገር ላይ የቆመ ስለ ሆነ የራሱ ማስተዋል ነበረው፤ በሌባ ሻይ ግን ስንት ንጹሕ ሰው እንደ ተጎዳ ፈጣሪ ይወቀው። ይህን ማንሣታችን አባቶቻችንን ለመውቀስ አይደለም። ሠለጠነች በምትባለው በፓሪስ ከተማም ቢሆን ወንጀለኛን ለይቶ የማወቁ ሥራ ለብዙ ዘመን በግምት ላይ የቆመ እንደ ነበረ ለማሳየት ነው።

በፈረንሳይ አገር እስከ 1832 ድረስ ከባድ ወንጀል የፈጸመ ሰው ትከሻው በጋለ ብረት ይተኮስ ነበር። ይህ ጭካኔ የሞላበት ቅጣት ሲቀር ልማደኛውን ወንጀለኛ ከጀማሪው የሚለየው ምልክትም አብሮ ጠፋ። ከዚያ ወዲያ የፖሊሱ መሣሪያ ዐይኑና ትዝታው ብቻ ሆነ። የነጭ ለባሾች አባት የሚባለው ፍራንሷ ቪዶክ አስቀድሞ ራሱ እስረኛ የነበረ፣ ኋላም የፓሪስን የነጭ ለባሽ ጓድ የመራ፣ የመንግሥቱን ሥራ ከለቀቀ በኋላ ደግሞ በ1833 የግል የምርመራ ቢሮ የከፈተ ሰው ነው። እሱና የእሱን ፈለግ የተከተሉት መርማሪዎች አንድ ጊዜ ያዩትን ፊት የማይረሱ በመሆናቸው ይኮሩ ነበር። ወደ ወኅኒ ቤት እየሄዱ እስረኞቹን በፊታቸው እያስዞሩ መልካቸውን ያጠናሉ፤ የቀድሞ ወንጀለኛ ለይቶ ለሚያወጣም ጉርሻ ይሰጠዋል። ጉርሻ ባለበት ደግሞ ስሕተት አይጠፋም።

አልፎንስ በርቲዮን በአፕሪል ወር 1853 ፓሪስ ውስጥ ተወለደ። የተወለደበት ቤት የሊቃውንት ቤት ነበር። አባቱ ሉዊ አዶልፍ በርቲዮን ሐኪምና የሕዝብ ቁጥር ተመራማሪ ነው። የእናቱ አባት አሺል ጊያር ዛሬ ዴሞግራፊ የምንለውን ትምህርት በዚህ ስም የጠራው የመጀመሪያው ሰው ነው። ወንድሙ ዣክ ደግሞ የሞት ምክንያቶችን በዓለም ደረጃ በመመደብ የታወቀ ሊቅ ሆነ። በዚህ ቤት መካከል አልፎንስ ብቻ እንደ እንክርዳድ ይታይ ነበር። ጤናው ደካማ፣ ጠባዩ ግትር፣ ከሰው ጋር መነጋገር የማይሆንለት ልጅ ስለ ነበረ ካንድ በላይ ከሆኑ ትምህርት ቤቶች ተባረረ። ወደ እንግሊዝ አገር ሄዶ ፈረንሳይኛ እያስተማረ ጥቂት ጊዜ ቆየ፤ ተመልሶም የወታደርነት ግዴታውን ፈጸመ። በመጨረሻም አባቱ ሰው አማልዶ በ1879 በፓሪስ ፖሊስ መሥሪያ ቤት ውስጥ ዝቅተኛ የጽሕፈት ሥራ አስገኘለት። ከእኛ መካከል በዘመድ ሥራ መያዝን የሚነቅፍ ቢኖር እውነት አለው፤ ሆኖም በዚህ መንገድ ገብቶ ለሥራው ከተገቢው በላይ የደከመ ሰው ቢኖር ይህ ሰው ነው።

ሥራው የእስረኞችን መልክ የሚገልጽ ጽሑፍ በካርድ ላይ መገልበጥ ነበር። በካርዶቹ ላይ ቁመቱ መካከለኛ፣ ፊቱ እንደማንኛውም ሰው፣ ምልክት የለውም የሚሉትን የመሰሉ ቃላት ይደጋገማሉ። በርቲዮን ይህን ሲገለብጥ ውሎ ሲያድር አንድ ነገር ከነከነው፤ ይኸውም እንዲህ ያለው ካርድ ሺሕ ቢከማች አንድ ሰው እንኳ ለይቶ እንደማያሳውቅ ነው። ከአባቱ ቤት ደግሞ አንድ ዕውቀት ይዞ ወጥቶ ነበር። የሰው አጥንት ከሃያ ዓመት ገደማ በኋላ መጠኑ አይለወጥም፤ የሁለት ሰዎች አንድ አካል በልክ ቢገጥም እንኳ ሌላው አካል መለያየቱ አይቀርም። ስለዚህ የጭንቅላትን ርዝመትና ስፋት፣ የክንድን፣ የመካከለኛ ጣትን፣ የእግርን፣ የጆሮንና የሌሎችንም አካላት ልክ ወሰደ፤ ልኩ በጠቅላላው ዐሥራ አንድ ነው። ባንዱ ልክ የመገጣጠሙ ዕድል ካራት አንድ ቢሆን፣ በዐሥራ አንዱም የመገጣጠሙ ዕድል ከ4,194,304 አንድ ብቻ ይሆናል።

ብልሃቱ ግን ከመለካቱ ይልቅ በአቀማመጡ ላይ ነው። ዘጠና ሺሕ ካርድ ቢኖር፣ ጭንቅላታቸው ረዥም፣ መካከለኛና አጭር ተብሎ በሦስት ቢከፈል ሠላሳ ሠላሳ ሺሕ ይሆናል። ያም በጭንቅላት ስፋት እንደገና በሦስት ቢከፈል ዐሥር ዐሥር ሺሕ ይሆናል። እንዲህ በጣት፣ በእግርና በክንድ እየተከፈለ ሲሄድ ፈላጊው በመጨረሻ ጥቂት ካርዶች ብቻ ወዳሉበት አንድ መሳቢያ ይደርሳል። ሰውዬው ስሙን ቢለውጥ፣ ጢሙን ቢያሳድግ ወይም ቢላጭ ምንም አያድነውም፤ ክንዱ ይመሰክርበታልና።

በርቲዮን ይህን ሐሳብ በ1879 ለፖሊሱ ሹም ለሉዊ አንድርዮ ጽፎ አቀረበ። ጽሑፉ እንደ ጸሐፊው ሁሉ ቀና ስላልነበረ ሹሙ አልገባውም፤ ቁጣም ተጨመረበት። ሽማግሌዎቹ መርማሪዎችም ሳቁበት። ዕድሜያቸውን በሙሉ ሌባ ሲያሳድዱ የኖሩ ሰዎች፣ አንድ ሌባ ይዞ የማያውቅ ጸሐፊ በመለኪያ ብረት ሊያስተምራቸው ሲነሣ ቢስቁ አይፈረድባቸውም። ሦስት ዓመት አለፈ። በ1882 መጨረሻ ላይ አዲሱ ሹም ዣን ካምካስ ሁለት ረዳት ጸሐፊዎችና የሦስት ወር ጊዜ ሰጠው። በሦስት ወር ውስጥ አንድ ሰው ተይዞ፣ ተፈርዶበት፣ ተፈትቶ፣ እንደገና መያዝ አለበት፤ ይህ ካልሆነ ዘዴው አይፈተንም። በፌብሩዋሪ 1883፣ ጊዜው ሊያልቅ ጥቂት ቀን ሲቀረው፣ ዱፖን ነኝ የሚል አንድ ሰው ቀረበ። በርቲዮን ለካው፤ መሳቢያውን ሳበ፤ ካርዱን አወጣ። ሰውዬው ባለፈው ዲሴምበር በስርቆት ተይዞ ማርቲን በሚል ስም የተመዘገበ ሆኖ ተገኘ። መጀመሪያ ቢክድም ኋላ አመነ። በ1884 አንድ ዓመት ብቻ 241 ልማደኞች በዚህ ዘዴ ተለይተው ታወቁ። በዐይናቸው የሚመኩት መርማሪዎችም ዘመናቸው እንዳለፈ ገባቸው።

ከዚህ በኋላ ክብሩ እየጨመረ ሄደ። በ1888 የመለያ ክፍሉ ሹም ሆነ። ዛሬ በየፖሊስ ጣቢያው የምናየው፣ አንዱ ከፊት ሌላው ከጎን የሚነሣው የእስረኛ ፎቶግራፍ ሥርዓት የወጣለት በእሱ እጅ ነው። ወንጀል የተፈጸመበትን ቦታ ምንም ሳይነካ ልኩ በሚታወቅ ፎቶግራፍ ማንሣትንም ወግ አድርጎ አስተማረ። በ1892 ፓሪስን በፈንጂ ያሸበረው ራቫሾል በተያዘ ጊዜ፣ ቀድሞ በሌላ ከተማ ኮኒግስታይን በሚል ስም ተለክቶ የነበረ ሰው መሆኑን ያወቀው በርቲዮን ነው፤ በዚህም የሌዥዮን ዶኖርን ኒሻን ተሸለመ። ዘዴው ወደ አሜሪካ፣ ወደ እንግሊዝና ወደ ሕንድ ተሻገረ። ከትምህርት ቤት የተባረረው ልጅ በዘመኑ ከነበሩት የወንጀል ምርመራ ሊቃውንት በላይ ስሙ የታወቀ ሆነ።

እዚህ ላይ የታሪኩ መጥፎ ምዕራፍ ይጀምራል። በ1894 የፈረንሳይ ጦር ምስጢር ለጀርመኖች ተሰጥቷል ተብሎ አልፍሬድ ድሬይፉስ የተባለ አይሁዳዊ መኮንን ተከሰሰ። ማስረጃው በእጅ የተጻፈ አንድ ቁራጭ ወረቀት ነበር። ጽሕፈቱ የድሬይፉስ መሆን አለመሆኑን እንዲናገር በርቲዮን ተጠራ። እሱ የአጥንት ልክ ዐዋቂ እንጂ የእጅ ጽሕፈት ዐዋቂ አልነበረም። ሆኖም አላውቅም ማለትን ስላልለመደ ገባበት። ጽሕፈቱ ከድሬይፉስ ጽሕፈት ጋር የማይመሳሰልበትን ቦታ ሲያሳዩት፣ ድሬይፉስ የራሱን ጽሕፈት ሆን ብሎ ሌላ ሰው ያስመሰለው እንዲመስል አድርጎ ጻፈው አለ። አስተውሉ፤ ቢመሳሰል ጥፋተኛ፣ ባይመሳሰልም ጥፋተኛ ማለት ነው። ድሬይፉስ ማዕረጉ ተገፎ ወደ ዲያብሎስ ደሴት ተጋዘ፤ በዚያም ከአራት ዓመት በላይ ታሰረ። በ1904 ታላቁ የሒሳብ ሊቅ አንሪ ፖዋንካሬና ሁለት ባልደረቦቹ የበርቲዮንን ስሌት መርምረው ምንም መሠረት የሌለው መሆኑን አስታወቁ። በ1906 ድሬይፉስ ንጹሕነቱ በፍርድ ተረጋገጠ። በርቲዮን ግን እስኪሞት ድረስ ስሕተቱን አላመነም። በቁጥር ስለ ተጻፈ ብቻ እውነት የሚመስል ነገር፣ በሌባ ሻይ ገመድ ከታሰረው ልጅ መንገድ ምን ያህል ይለያል? እኛ ብዙ የሚለይ አይመስለንም።

በዚያው ዘመን ሌላ ዕውቀት በሩቅ አገሮች እያደገ ነበር። ዊልያም ሄርሼል የተባለ እንግሊዛዊ አስተዳዳሪ ከ1858 ጀምሮ በቤንጋል ውል ሲያዋውል የእጅን፣ ኋላም የጣትን አሻራ ያስነካ ነበር። በጃፓን ይሠራ የነበረው ሐኪም ሄንሪ ፎልድስ በ1880 አሻራ ወንጀለኛን ለመለየት እንደሚያገለግል ጻፈ። ፍራንሲስ ጎልተን በ1892 ነገሩን በመጽሐፍ አስፋፋው። በዚያው በ1892 በአርጀንቲና ኔኮቼያ በተባለች ከተማ ሁለት ሕፃናት ተገድለው ተገኙ። እናታቸው በጎረቤት ሰው ላይ አሳበበች። ነገር ግን በበሩ ላይ በደም የታተመ የአውራ ጣት አሻራ ተገኝቶ ሲመሳከር የራሷ የእናትዮዋ ሆነ። ይህን ዘዴ በአርጀንቲና ያቋቋመው ከክሮኤሺያ የሄደ ስደተኛ፣ ኁዋን ቩሴቲች ነው። በካልካታ ደግሞ አዚዙል ሐቅና ሄም ቻንድራ ቦስ የተባሉ ሁለት ሕንዳውያን መርማሪዎች አሻራን በቁጥር መድቦ የማስቀመጡን ሥራ ደከሙበት፤ ዘዴው ግን በአለቃቸው በኤድዋርድ ሄንሪ ስም ተጠራ። የለንደን ፖሊስ በ1901 ይህንኑ ተቀበለ።

አሻራ ከአጥንት ልክ የሚበልጥበት ምክንያት ግልጽ ነው። ልክ የሚወስደው ሰው እጁን ጥቂት ቢያላላ ወይም ቢያጠብቅ ሚሊሜትሩ ይለወጣል፤ ሁለት ለኪዎች አንድን ሰው ሁለት ዓይነት አድርገው ይጽፉታል። ገና የሚያድግ ልጅም ሊለካ አይችልም። አሻራ ግን ቀለምና ወረቀት ብቻ ይበቃዋል። ከሁሉም በላይ ደግሞ ሌባ ክንዱን በሰረቀበት ቤት ትቶ አይሄድም፤ አሻራውን ግን ትቶ ይሄዳል።

በርቲዮን ይህን ሳያውቅ ቀርቶ አይደለም። ከ1894 ጀምሮ የቀኝ እጅ አራት ጣቶችን አሻራ በካርዱ ጥግ ላይ ያስነካ ነበር፤ ነገር ግን እንደ ጠባሳ ወይም እንደ ማርያም ስም፣ ተጨማሪ ምልክት ብቻ አድርጎ ነው የቆጠረው። በ1902 በፓሪስ አንድ የቤት አሽከር ተገድሎ በተሰበረ መስታወት ላይ አሻራ ተገኘ። በርቲዮን ካርዶቹን አገላብጦ ሼፈር የተባለውን ገዳይ አወጣው። በአውሮፓ ማንም ሳይጠረጠር፣ በአሻራ ብቻ ገዳይ ከተያዘባቸው የመጀመሪያዎቹ ጉዳዮች አንዱ ይህ ነው። በተቃዋሚዎቹ መሣሪያ ታላቅ ድል አገኘ ማለት ነው። ሌላ ሰው ቢሆን በማግሥቱ መሳቢያዎቹን በአሻራ እንደገና በደረደረ ነበር። እሱ ግን አልደረደረም። መሳቢያዎቹ የዕድሜው ሥራ ነበሩ።

ዋጋውን በ1911 ከፈለ። በኦገስት 21 ሞና ሊዛ የተባለችው ዝነኛ ሥዕል ከሉቭር ሙዚየም ተሰረቀች። ሌባው ሥዕሏ የነበረችበትን ሣጥንና መስታወት ትቶ ስለ ሄደ በመስታወቱ ላይ የግራ አውራ ጣቱ አሻራ ተገኘ። ቪንቼንዞ ፔሩጃ የተባለው ይህ ሌባ ቀደም ሲል በሌላ ጥፋት ተይዞ ካርዱ በበርቲዮን መሥሪያ ቤት ውስጥ ተቀምጦ ነበር። ነገር ግን ካርዶቹ የተደረደሩት በአጥንት ልክ ስለ ሆነ በአሻራ ተፈልጎ የሚገኝ ሰው አልነበረም፤ የተመዘገበውም የቀኝ እጅ አሻራ ነው። መልሱ በመሳቢያው ውስጥ እያለ ሁለት ዓመት ሙሉ ተፈለገ። ሥዕሏ የተገኘችው በ1913 መጨረሻ ሌባው ራሱ በፍሎረንስ ሊሸጣት ሲሞክር ነው።

በዚያው በ1913 ቩሴቲች ወደ ፓሪስ መጥቶ በርቲዮንን ሊጠይቀው ሄደ። እንደሚነገረው በርቲዮን እንግዳውን ከበር ላይ በክፉ ቃል መልሶ በሩን ዘጋበት። በዚህ ጊዜ ደሙ የሚያልቅበት ሕመም አድሮበት፣ ዐይኑም እየፈዘዘ ነበር። ሠላሳ ዓመት ሙሉ የሰውን መልክ ሲመረምር የኖረ ሰው የጎብኚዎቹን ፊት መለየት እያቃተው ሄደ። በፌብሩዋሪ 13 ቀን 1914 ፓሪስ ውስጥ ሞተ። እሱ ካረፈ በኋላ የፈረንሳይ ፖሊስ ሙሉ በሙሉ ወደ አሻራ ተመለሰ፤ የመለኪያ ብረቶቹም ወደ ሙዚየም ገቡ። በ1879 የሳቁበት ሽማግሌዎች የቆሙበት ቦታ ላይ እሱም በተራው ቆሞ አለፈ።

ይህን ታሪክ ያነሣነው በአንድ ሙት ላይ ለመፍረድ አይደለም። በርቲዮን ባይነሣ ኖሮ ምርመራ በጉርሻና በትዝታ ላይ ቆሞ ስንት ዘመን በቆየ ነበር። የሚያሳዝነው፣ ሌሎች አዲሱን ዘዴ እንዲቀበሉ ሲለምን የነበረ ሰው ተራው ሲደርስ ያንኑ ልመና አለመስማቱ ነው።

ነገሩ ለእኛ ሩቅ አይደለም። በ2023 በወጣው የዲጂታል መታወቂያ አዋጅ መሠረት የሚሰጠው ፋይዳ የዐሥሩን ጣት አሻራ፣ የዐይንን ብሌንና የፊትን መልክ ይመዘግባል። በኩርሙክ በኩል ከሱዳን ጦርነት ሸሽቶ የገባ ስደተኛም ጣቱን አስነክቶ ይመዘገባል። ለሌባ የታሰበው ብልሃት ዛሬ ወረቀቱን ላጣ ሰው ማን እንደ ሆነ ማስረጃ ሆኖለታል፤ ይህ ትልቅ ነገር ነው። ነገር ግን መሣሪያውም እንደ በርቲዮን መሳቢያ ወሰን አለው። በ2004 በማድሪድ ባቡሮች ላይ ከተጣለው ፈንጂ ጋር በተያያዘ፣ የአሜሪካ ፌዴራል መርማሪዎች አሻራው የአንድ አሜሪካዊ ጠበቃ ነው ብለው ንጹሑን ሰው ሁለት ሳምንት ያህል አሰሩት፤ ኋላ አሻራው የሌላ ሰው ሆኖ ተገኘ። በእጅ ሥራ የኖረ ሰው ጣት ደግሞ እየተፋቀ ይሄዳል። በወንዝ ዳር ወርቅ ሲያጥብ፣ ቀርከሃ ሲሰነጥቅ፣ ማሳ ሲቆፍር ያረጀ የአካባቢያችን ሽማግሌ ጣቱን በመስታወቱ ላይ አስቀምጦ መሣሪያው አላወቀውም ቢል፣ ጥፋቱ የሽማግሌው ነውን?

ነገ ከእኛ መካከል ዳኛ፣ ዐቃቤ ሕግ፣ የፖሊስ መርማሪ፣ የመዝገብ ሠራተኛም የሚሆን አለ። ያን ጊዜ በፊታችን የሚቆመው ሰው ክብሩም ነጻነቱም እኛ በምንሰጠው ቃል ላይ ይንጠለጠላል። ስለዚህ የተማርነውን ዘዴ ጠንቅቀን እንያዝ፤ የማያደርስበትን ቦታም አብረን እንወቅ፤ ከሙያችን ውጭ ስንጠየቅ አላውቅም ማለትን አንፈር። መሣሪያው ያላወቀው ሽማግሌም ሲመጣ ከመመለሳችን በፊት፣ አባቶቻችን በአውጫጭኝ ያደርጉት እንደ ነበረው፣ ጎረቤቶቹን ጠርተን እንጠይቅ።